ሲር ዳርያና አሙ ዳርያ፦ የመካከለኛው እስያ አገሮች የሚጣሉት በውሃው መጠን ነው ወይስ ውሃው በሚለቀቅበት ወር?

ተፋሰስ (ክሩን የከፈተ)

ሰላም ለዚህ ቤት ታዳሚዎች። ተሻጋሪ ወንዝ በተነሣ ቁጥር ውይይታችን ወዲያው ዓባይ ላይ ስለሚያርፍ፣ ለዛሬ ባሕር የማይደርሱ ሁለት ወንዞችን ላቅርብ ብዬ አሰብኩ። ሲር ዳርያና አሙ ዳርያ ከቲያን ሻንና ከፓሚር ተራሮች በረዶ ተነሥተው፣ ዝናብ እምብዛም የማያውቀውን ሜዳ አቋርጠው አራል ሐይቅ የሚገቡ ወንዞች ናቸው፤ ወይም ነበሩ ማለት ይሻላል። ዓመቶቹን እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ።

ሲር ዳርያ የሚባለው ናሪንና ካራ ዳርያ ፈርጋና ሸለቆ ውስጥ ከተገናኙ በኋላ ያለው ወንዝ ሲሆን፣ ከገባሮቹ ጋር ኪርጊዝስታንን፣ ኡዝቤኪስታንን፣ ታጂኪስታንንና ካዛኪስታንን ያዳርሳል። አሙ ዳርያ ደግሞ የፓንጅና የቫኽሽ ድምር ነው፤ ፓንጅ ታጂኪስታንን ከአፍጋኒስታን እየለየ ይወርዳል፣ ከዚያ በኋላ ወንዙ በኡዝቤኪስታንና በቱርክሜኒስታን ምድር ያልፋል። በአማካይ ሲር ዳርያ በዓመት 37 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ገደማ፣ አሙ ዳርያ ደግሞ የዚያን እጥፍ ያህል ውሃ ያፈስሳሉ። ከወንዞቹ ከሚጠለፈው ውሃ ከአሥር ዘጠኝ የሚሆነው የሚሄደው ለመስኖ ነው።

ስለ ወንዞቹ የሚጻፈው አብዛኛው ነገር የውሃ እጥረትን ያነሣል። እኔ ግን ጉዳዩን በቆየሁበት መጠን፣ ቢያንስ ሲር ዳርያን በተመለከተ፣ አገሮቹ የሚጣሉት ውሃውን ሳይሆን ወራቱን ለመከፋፈል እንደሆነ እየታየኝ መጥቷል። ናሪን ወንዝ ላይ ቶክቶጉል የተባለ ግድብ አለ። በሶቪየት ዘመን በ1970ዎቹ የተሠራ፣ 215 ሜትር ከፍታ ያለው፣ 19.5 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ውሃ የሚይዝ ትልቅ ግድብ ነው። ሲታቀድ ዋናው ሥራው የኡዝቤኪስታንንና የካዛኪስታንን የጥጥ ማሳዎች በበጋ ማጠጣት ነበር፤ ኤሌክትሪኩ ተከታይ ጥቅም ነው። ኪርጊዝስታን ውሃውን ለክረምት ሳታስቀር በበጋ ስለምትለቅ፣ በምላሹ ከታች ያሉት ሪፐብሊኮች በክረምቱ ብርድ ጋዝ፣ የድንጋይ ከሰልና ማዙት (ወፍራም የማገዶ ዘይት) ይልኩላት ነበር። ዋጋ የሚባል ነገር አልነበረም፤ ሁሉም ነገር የሚታዘዘው ከሞስኮ ነው። (በጋና ክረምት የምላቸው በዚያ አገር አቆጣጠር ነው፤ በጋው ሐምሌና ነሐሴ፣ ክረምቱ ታኅሣሥና ጥር።)

በ1991 ሶቪየት ኅብረት ስትፈርስ ጋዙ በዓለም ገበያ ዋጋ መሸጥ ጀመረ፣ ውሃው ግን እንደ ቀድሞው በነጻ እንዲወርድ ተጠበቀ። ጋዝና ነዳጅ የሌላት ኪርጊዝስታን ቤቶቿን ለማሞቅ የነበራት አማራጭ ተርባይኖቹን በጥር ማዞር ነበር። በጥር የተለቀቀው ውሃ ደግሞ ለገበሬው አይሆንም። የሲር ዳርያ የታችኛው ክፍል በክረምት በበረዶ ስለሚሸፈን ብዙ ውሃ ማሳለፍ አይችልም፤ ካዛኪስታን ውስጥ ወንዙ ላይ ያለው የቻርዳራ ግድብ ሲሞላ ትርፉ ወደ ኡዝቤኪስታኑ አርናሳይ ረባዳ እየተለቀቀ፣ በረሃ መካከል ማንም ያላሰበው ሰፊ ሐይቅ ተንጣልሏል። እንግዲህ አንድ ዓይነት መጠን ያለው ውሃ በጥር ጎርፍ፣ በሐምሌ ድርቅ ሆኖ ይመጣል ማለት ነው። በዚህ ላይ ምን ትላላችሁ?

ወይና ደጋ

ጥሩ አቀራረብ ነው፤ ነገር ግን ለላይኛዋ አገር ትንሽ አላደላህም? ልውውጡ ሁሉንም ይጠቅም ከነበረ፣ ነጻ አገር ከሆኑ በኋላ በውል ሊያስቀጥሉት ያልቻሉበት ምክንያት ምንድን ነው? ውሃ በጋዝ መለወጥ ሞስኮ ባትኖርም የሚያስቸግር ነገር አይመስለኝም።

ተፋሰስ

ሞክረውት ነበር። በ1998 ካዛኪስታን፣ ኪርጊዝስታንና ኡዝቤኪስታን ቢሽኬክ ላይ የሲር ዳርያ ስምምነት ፈረሙ፤ ታጂኪስታንም ቆይታ ገባችበት። ኪርጊዝስታን በበጋ ውሃውን ትለቃለች፣ ከዚያ የሚመነጨውን ትርፍ ኤሌክትሪክ የታችኞቹ ይገዛሉ፣ በክረምት ደግሞ የዚያኑ ያህል ነዳጅ ይልካሉ። በወረቀት ላይ እንከን አይወጣለትም። ችግሩ መጠኑ የሚወሰነው በየዓመቱ በሚደረግ ድርድር መሆኑ ነበር። ዝናብ የበዛበት ዓመት ሲመጣ የታችኞቹ አገሮች ከቶክቶጉል ብዙ ውሃ ስለማይፈልጉ ኤሌክትሪኩንም አይገዙም፤ ኤሌክትሪኩን ካልገዙ ደግሞ ነዳጁን መላክ ግዴታቸው አይደለም። ለኪርጊዝስታን ግን የጥር ብርድ ዝናብ በዘነበበት ዓመትም ያው ብርድ ነው። ስለዚህ ግድቧን በክረምት ከፈተች፤ በ2001 ደግሞ ለምታጠራቅመው ውሃ ዋጋ መጠየቅ የሚያስችላትን ሕግ አወጣች፣ የታችኞቹም አልተቀበሉትም። ስምምነቱ በዚህ ሁኔታ ተዳክሞ ቀረ። በ2009 ኡዝቤኪስታን ከጋራው የኤሌክትሪክ መረብ ስትወጣ፣ ልውውጡ የሚካሄድበት ሽቦም ተበጠሰ ማለት ይቻላል።

ለላይኛዋ አድልተሃል ላልከኝ፣ ምናልባት ልክ ነህ። ኪርጊዝስታን ራሷ ቶክቶጉልን አላግባብ ያደረቀችበት ጊዜ ነበር። ከ2007 እስከ 2008 የነበረው እጅግ ብርዳም ክረምት ሐይቁን ካራቆተው በኋላ፣ አገሪቱ በፈረቃ መብራት ለመኖር ተገድዳለች።

የታሽከንት ተማሪ

ልጆች፣ በጎ ውይይት ከፍታችኋልና አንድ ሽማግሌ ጣልቃ ቢገባ ቅር እንዳይላችሁ። በእኛ አቆጣጠር በ1970ዎቹ መጨረሻ የመስኖ ምሕንድስና ለመማር ወደ ኡዝቤኪስታኗ ዋና ከተማ ታሽከንት ከተላኩት ኢትዮጵያውያን አንዱ ነበርኩ። መስከረም ሲመጣ የመማሪያ ክፍሎቻችን ባዶ ይሆኑ ነበር። ኡዝቤክ ጓደኞቻችን ከነመምህራኖቻቸው በአውቶቡስ እየተጫኑ ጥጥ ለቀማ ይወጣሉ፤ እኛ የውጭ ተማሪዎች መኝታ ቤት ቀርተን እንጠብቃቸዋለን። ሲመለሱ ጣቶቻቸው በጥጡ ፍሬ ቅርፊት ተቧጥጠው እናያቸው ነበር። ጥጡን «ነጭ ወርቅ» ይሉት ነበር። የወንዙን ውሃ የጨረሰው ምን እንደሆነ ለመረዳት ስለ ግድብ ከማጥናት በፊት ያንን ጥጥ ማየት ይጠቅማል።

በ1960 እንደ አውሮፓውያኑ አራል በስፋቱ ከዓለም አራተኛው ሐይቅ ነበር፤ 68,000 ስኩዌር ኪሎ ሜትር ገደማ፣ ሃያ ጣናን ጎን ለጎን እንደ መዘርጋት ቁጠሩት። ከዚያ ወዲህ ወንዞቹ ከሐይቁ ይልቅ ማሳዎችን ሲመግቡ ኖሩ። ከሁሉ የሚበልጠው ጠላፊ በቱርክሜኒስታን ያለው፣ ከአሙ ዳርያ የሚቀዳው የካራኩም ቦይ ነው። በ1954 ቁፋሮው ተጀምሮ ከ1,300 ኪሎ ሜትር በላይ ረዝሟል፤ አብዛኛው ኮንክሪት ሳይለብስ በአሸዋ ላይ የተቆፈረ በመሆኑ፣ ከሚወስደው ውሃ ብዙው ማሳ ሳይደርስ ይሰርጋል። መምህሮቻችን በክፍል ሲያስተምሩን የቦይ ስርገት እንዴት እንደሚሰላ በጥንቃቄ ያሳዩን ነበር፤ ካራኩም ሲደርስ ግን ስሌቱ ወደ ውዳሴ ይለወጥ ነበር።

የስም ነገር ካነሣችሁ አንድ ልጨምር። ጥንታውያን ግሪኮች አሙ ዳርያን ኦክሱስ ይሉት ነበር፤ የዐረብ ጂኦግራፊ ጸሐፍት ደግሞ ጀይሑን ብለውታል፣ ይህም የእኛው ግዮን ነው። ኦሪት ዘፍጥረት ላይ የተጻፈውን ወንዝ እኛ ዓባይ ነው እያልን ስናድግ፣ በኡዝቤኪስታኗ ጥንታዊ ከተማ በቡኻራ ያለው ሰው ደግሞ ደጃፉ ላይ ያለውን በዚያው ስም ሲጠራ ኖሯል።

የአዋሽ ዳር

ጋሼ፣ እግዚአብሔር ይስጥልን። እኔ ከመስኖ ሥራ ጋር ቅርበት ስላለኝ የክሩን ርእስ በከፊል እቃወማለሁ። ወር ብቻ አይደለም፤ ጨውም አለ። ደረቅ አገር ላይ ውሃ ደጋግማችሁ ስታጠጡ፣ የማሳው ፍሳሽ በደንብ ካልተቀየሰ የከርሰ ምድር ውሃው ከፍ ይልና በትነት ጊዜ ጨዉን አፈሩ ላይ ጥሎት ይሄዳል። በመካከለኛው አዋሽ የጥጥ እርሻዎቻችን ያየነው ይኸው ነው፤ አዋሽም ባሕር ሳይደርስ ጅቡቲ ድንበር ላይ አቤ ሐይቅ የሚቀር ወንዝ ስለሆነ ጨዉን አውጥቶ የሚጥልበት ውቅያኖስ የለውም። በአሙ ዳርያ ገበሬው ጨዉን ለማጠብ ዘር ከመዝራቱ በፊት በክረምቱ መጨረሻ ተጨማሪ ውሃ ያጠጣል፣ የታጠበው ጨው ተመልሶ ወንዙ ይገባል፣ ከታች ያለው ገበሬ ደግሞ ያንኑ ጨዋማ ውሃ ይቀዳል፤ እሱም በተራው ለማጠብ የበለጠ ውሃ ይፈልጋል። በካራካልፓክስታን፣ ማለትም በወንዙ መጨረሻ ላይ የሚኖሩት ሰዎች ይህ ሁሉ ተጠራቅሞ ይደርሳቸዋል፤ ከደረቀው የሐይቅ ወለል የሚነሣው የጨው አቧራ ደግሞ ከሰማይ ይጨመርላቸዋል። ስለዚህ በወሩ የተለቀቀ ውሃም ቢሆን ጥራቱ ካልተጠበቀ ድርሻ ነው ለማለት ያስቸግራል።

ሕግ አጥኚ

«የአዋሽ ዳር» የጀመሩትን ልቀጥል፤ ምክንያቱም የክሩ ርእስ ለሲር ዳርያ ቢሠራም ለአሙ ዳርያ የሚሠራ አይመስለኝም። አሙ ዳርያ ላይ ጥያቄው በግልጽ የመጠን ነው።

የሕጉ መነሻ አሁንም የሶቪየት ወረቀት ነው። በ1987 ሞስኮ ያጸደቀችው ክፍፍል ከአሙ ዳርያ ለኡዝቤኪስታን 48.2 በመቶ፣ ለቱርክሜኒስታን 35.8 በመቶ፣ ለታጂኪስታን 15.4 በመቶ፣ ለኪርጊዝስታን 0.6 በመቶ ሰጠ። ከወንዙ ውሃ ወደ ሦስት አራተኛ የሚጠጋው የሚመነጨው ከታጂኪስታን መሆኑን እዚህ ላይ ልብ ይሏል። በየካቲት 1992 የአምስቱ ሪፐብሊኮች ተወካዮች አልማ አታ ላይ ተሰብስበው፣ ሌላ እስኪስማሙ ድረስ ያንኑ ክፍፍል እንዲቀጥሉበት ተፈራረሙና የጋራ የውሃ ማስተባበሪያ ኮሚሽን አቋቋሙ። ነጻነታቸውን ካወጁ ወራት ብቻ ያስቆጠሩ አገሮች ማሳቸው ሳይደርቅ ለመግባባት መቻላቸው የሚናቅ አይደለም፤ ጊዜያዊ የተባለው ነገር ግን ከሠላሳ ዓመት በላይ ቆይቷል። በ1996 ደግሞ ኡዝቤኪስታንና ቱርክሜኒስታን ከርኪ መለኪያ ጣቢያ የሚደርሰውን ውሃ እኩል በእኩል ለመካፈል ለብቻቸው ተስማሙ። እዚህ ላይ አንድ የሚያስገርም ነገር ልጥቀስ፦ የኡዝቤኪስታን የካርሺ ሜዳ የሚጠጣው ውሃ በተከታታይ የፓምፕ ጣቢያዎች ወደ ላይ እየተገፋ የሚወጣ ሲሆን፣ አብዛኞቹ ጣቢያዎች የቆሙት በቱርክሜኒስታን መሬት ላይ ነው። ጎረቤትህ በሩን ቢዘጋብህ ማሳህ ይደርቃል ማለት ነው፤ ሁለቱ አገሮች ተስማምተው መኖራቸው ከዚህ ጋር ሳይያያዝ አይቀርም።

በእነዚህ ሰነዶች ሁሉ ውስጥ የሌለችው አፍጋኒስታን ነች። ወንዙ ድንበሯ ነው፣ ኮክቻና ኩንዱዝን የመሳሰሉ ገባሮችም ከእሷ ምድር ይመጣሉ፤ ነገር ግን በጦርነት ዓመታት ብዙ ውሃ ስላልወሰደች ማንም አልቆጠራት። በ2022 የታሊባን መንግሥት ቆሽ ቴፓ የተባለውን ቦይ ማስቆፈር ጀመረ። ርዝመቱ 285 ኪሎ ሜትር፣ ስፋቱ 100 ሜትር ያህል ነው፤ ከባልኽ ተነሥቶ በጆውዝጃን በኩል ፋርያብ ይደርሳል፣ ከ500,000 ሄክታር በላይ ያለማል ተብሎም ይጠበቃል። የመጀመሪያው ምዕራፍ በ2023 ተጠናቀቀ። ሲጠናቀቅ ከ6 እስከ 10 ቢሊዮን ሜትር ኩብ በዓመት እንደሚወስድ የተለያዩ ግምቶች አሉ። ቦዩ እንደ ካራኩም ኮንክሪት ያልለበሰ በመሆኑ፣ ጋሼ ያነሱት የስርገት ስሌት እዚህም ይመለሳል።

ካቡልን በሕግ መክሰስ ደግሞ ቀላል አይደለም። በ1992ቱ ስምምነት ፈራሚ አይደለችም፣ ድርሻ ተሰጥቷት አያውቅም፣ የራሷን ገበሬ የመመገብ መብቷንም ማንም በይፋ አልካደም። ኡዝቤኪስታን በ1997 የጸደቀውን የተባበሩት መንግሥታት የውሃ መስመሮች ስምምነት በ2007 ተቀላቅላለች፤ አፍጋኒስታን ግን የለችበትም። ስለዚህ የቀረው ንግግር ብቻ ነው፣ ያም ብዙ መንግሥታት ዕውቅና ካልሰጡት አስተዳደር ጋር።

ወይና ደጋ

በታጂኪስታን የሚሠራውን የሮጉን ግድብ ነገር የሚያነሣ ጠፋ እንዴ? የታላቁ የህዳሴ ግድብ ሥራ ተቋራጭ እዚያም አለ ሲባል ሰምቼ ነበር፤ እውነት ነው?

ተፋሰስ

እውነት ነው። የጣሊያኑ ሳሊኒ ኢምፕሬጂሎ፣ ዛሬ ዊቢልድ የሚባለው ኩባንያ፣ በ2016 የሮጉንን ግድብ ሥራ በ3.9 ቢሊዮን ዶላር ተረክቧል። የሚያመሳስላቸው ይህ ብቻ አይደለም። እኛ በ2011 ቦንድ መግዛት ከመጀመራችን አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ2010 የታጂኪስታን መንግሥት የሮጉንን አክሲዮን ለሕዝብ ሸጧል። ብዙው ሰው የወር ደመወዙ እጅግ ዝቅተኛ በሆነበት አገር መምህሩም ነርሱም እንዲገዛ ግፊት ይደረግበት እንደነበር በጊዜው በሰፊው ተዘግቧል።

ሮጉን በቫኽሽ ወንዝ ላይ በ1976 ተጀምሮ በሶቪየት ውድቀት የቆመ፣ በ1993 ደግሞ ጊዜያዊ ግድቡ በጎርፍ የተወሰደበት ፕሮጀክት ነው። ሲያልቅ 335 ሜትር ከፍታ ይኖረዋል፣ 3,600 ሜጋ ዋት ያመነጫል፤ የመጀመሪያው ተርባይን በኅዳር 2018 ሥራ ጀመረ። የኡዝቤኪስታኑ ፕሬዚዳንት ኢስላም ካሪሞቭ ግድቡን አጥብቀው ይቃወሙ ነበር፤ በ2012 አስታና ላይ የውሃ ጉዳይ ወደ ጦርነት ሊያመራ እንደሚችል እስከ መናገር ደርሰዋል። በ2016 ካሪሞቭ ሲሞቱ የተተኩት ሻቭካት ሚርዚዮዬቭ ግን በ2018 ዱሻንቤ ሄደው የሻከረውን ግንኙነት አደሱ፤ ተቃውሞውም ወደ ኤሌክትሪክ ግዢ ውይይት ተለወጠ። ወንዙ ያው ወንዝ፣ ግድቡም ያው ግድብ ነው፤ የተለወጠው አንድ ሰው ነው። ይህ የሚያስደስተኝን ያህል ያሠጋኛል፤ በሌላ ሰው ተመልሶ ሊለወጥ ይችላልና።

የታሽከንት ተማሪ

አራል ሞቶ ቀረ ብላችሁ እንዳትደመድሙ፣ ስለ ሰሜኑ ክፍል ላስታውሳችሁ። ሐይቁ በ1980ዎቹ መጨረሻ ለሁለት ሲከፈል፣ ሲር ዳርያ የሚገባው ሰሜኑ ውስጥ ሆነ። ካዛኪስታን በዓለም ባንክ ድጋፍ ኮክ አራል የተባለ 13 ኪሎ ሜትር ያህል የሚረዝም ግድብ በ2005 ሠርታ፣ ውሃው ወደ ደቡብ ፈስሶ እንዳይባክን አገደችው። የውሃው ወለል ተገምቶ ከነበረው በፈጠነ ጊዜ ከባሕር ወለል በላይ 42 ሜትር ገደማ ደረሰ፣ ጨዋማነቱ ቀነሰ፣ ዓሣም ተመለሰ። ደቡቡን ግን ባላየሁት ይሻለኝ ነበር፤ ሙይናቅ የሚባለው የዓሣ አጥማጆች ከተማ መርከቦቹ አሸዋ ላይ ዝገው ቆመዋል፣ ሐይቁም ከከተማው ብዙ አሥር ኪሎ ሜትሮች ርቋል። በ2014 የደቡቡ ሐይቅ ምሥራቃዊ ክፍል ጨርሶ ደርቆ ነበር። ሰሜኑ የዳነው ደቡቡ ተትቶ መሆኑን አንርሳ። ይህን ስል ካዛኪስታንን ለመውቀስ አይደለም፤ ለሁለቱም የሚበቃ ውሃ አልነበረምና።

ሕግ አጥኚ

ትልልቆቹን ግድቦች ስናነሣ ትንንሾቹን ቦዮች እንዳንዘነጋ። በዚህ አካባቢ በውሃ ምክንያት ደም የፈሰሰው በሮጉን ወይም በቶክቶጉል አይደለም። በሚያዝያ 2021 በኪርጊዝስታንና በታጂኪስታን ድንበር፣ በኢስፋራ ወንዝ ላይ ባለ አንድ የውሃ ማከፋፈያ ጣቢያ ካሜራ ተሰቀለ፤ ከዚያ በተነሣ ጠብ ድንጋይ ተወረወረ፣ ጥይት ተከተለ፣ በጥቂት ቀናት ከሃምሳ በላይ ሰዎች ሞቱ። በመስከረም 2022 የተነሣው ግጭት ደግሞ ከዚያ የከፋ ነበር። ሶቪየቶች ድንበሩን ሲያሰምሩ ቦዩ አንዱ መንደር ውስጥ፣ በሩ ሌላው መንደር ውስጥ እንዲሆን መተዋቸው ያኔ ማንንም አላስጨነቀም። ሁለቱ አገሮች በመጋቢት 2025 ቢሽኬክ ላይ የድንበር ስምምነት ተፈራርመዋል፤ የውሃ ጣቢያዎቹ አጠቃቀምም የዚያ ድርድር አካል ነበር።

የአዋሽ ዳር

«ተፋሰስ»፣ እንግዲህ ርእስህን ታስተካክላለህ ወይስ ትከራከራለህ?

ተፋሰስ

ለአሙ ዳርያ እጄን ሰጥቻለሁ፤ ቆሽ ቴፓ ሥራ ሲጀምር ጥያቄው የወር ሳይሆን የመጠን እንደሚሆን «ሕግ አጥኚ» አሳምነውኛል፤ የጨውንም ነገር ከመጀመሪያው ማንሣት ነበረብኝ። ለሲር ዳርያ ግን አሁንም እከራከራለሁ፣ ማስረጃዬም ካምባራታ 1 ነው። ኪርጊዝስታን ከቶክቶጉል በላይ፣ በዚያው በናሪን ወንዝ ላይ ልትሠራው ያቀደችው 1,860 ሜጋ ዋት ግድብ ነው። ኡዝቤኪስታን ለዓመታት ስትቃወመው ኖራ፣ በጥር 2023 ከካዛኪስታን ጋር ሆና በጋራ ለመሥራት የሚያስችል ዕቅድ ፈርማለች።

የታችኛው አገር የላይኛውን ግድብ በገንዘቡ ለመደገፍ የሚነሣበት ምክንያት ከቦታው ይታያል። ካምባራታ በጥር ተርባይኑን አዙሮ የሚለቀው ውሃ ሜዳው ላይ አይፈስም፤ ከሥሩ ያለው ቶክቶጉል ይቀበለዋል። ቶክቶጉል ያንን እስከ ሰኔ ይዞ ይቆይና ለመስኖ ይለቀዋል። ኪርጊዞች በክረምት ይሞቃሉ፣ ኡዝቤኮች በበጋ ያጠጣሉ፣ በዓመቱ የሚያልፈው ውሃ ግን እንደ ቀድሞው ነው። ቫኽሽ ላይም ሮጉን ቀድሞ ከተሠራው ከኑሬክ ግድብ በላይ ስለሆነ ይኸው አሠራር ይቻላል። ካዛኪስታን በደቡብ 3 ቢሊዮን ሜትር ኩብ የሚይዘውን የኮክሳራይ ማጠራቀሚያ የሠራችውም የክረምቱን ጎርፍ ተቀብላ ለበጋ ለማቆየት ነው። ቀሪው ጥያቄ አዲሶቹ ግድቦች በሚሞሉባቸው ዓመታት ከታች ያለው ገበሬ ምን ያህል እንደሚጎድልበትና ያንን ማን እንደሚክስ ነው፤ ስለ አሞላሉ የጊዜ ሰሌዳ በቂ ዕውቀት ያለው ካለ እዚሁ ክር ላይ ቢጽፍልን ደስ ይለኛል።